የውሰት በረኛ

በኳስ ሜዳ ላይ እንደ በረኛ የሚበደል ሰው ያለ አይመስለኝም። አጥቂው አምስት ጊዜ ስቶ በስድስተኛው ቢያገባ በትከሻ ላይ ይወጣል። በረኛው ዘጠኝ ኳስ አድኖ አሥረኛዋ ስታመልጠው ግን «ማነው ይኼን ሰውዬ እዚያ ያቆመው?» ይባላል። ማስረጃ ከፈለጋችሁ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከከተማችን የዲኤስቲቪ ቤቶች ወደ አንዱ ጎራ በሉ። አንድ ብርጭቆ ሻይ ይዞ ሁለት ሰዓት የሚቀመጠው ሁሉ የበረኛ አሰልጣኝ ነው።

በረኛ ግቡን ጥሎ ጎል ፍለጋ ሲሮጥ ያያችሁበትን ቀን ብትጠየቁ አብዛኞቻችሁ አንድ ምሽት ትጠራላችሁ። ግንቦት 18 ቀን 1991 ዓ.ም.፣ ባርሴሎና፣ ካምፕ ኑ። ማንቸስተር ዩናይትድ በባየርን ሙኒክ 1 ለ 0 እየተመራ 90ው ደቂቃ አልቋል። የማዕዘን ምት ተገኘ። ያ ግዙፉ ፒተር ሽማይክል ሜዳውን አቋርጦ የባየርን ግብ አፋፍ ላይ ደረሰ። የባየርን ተከላካዮች ተደናገጡ፣ ሼሪንግሃም አገባ፣ ሶልሻየር ደገመ። ቀሪውን ታውቁታላችሁ።

እኔ ዛሬ የማነሳው ግን ከዚያ ምሽት 18 ቀን ቀደም ብሎ ስለሮጠ ሌላ በረኛ ነው። እንደ ሽማይክል ዋንጫ አላነሳም። እንደ ሽማይክል ሚሊዮኖች አላዩትም። ነገር ግን ሽማይክል ሲሮጥ ያገባው ሌላ ሰው ነው። ይኼኛው ራሱ አገባ። ስሙ ጂሚ ግላስ ይባላል። «ግላስ» በእንግሊዝኛ ብርጭቆ መሆኑን ስታስቡ ለበረኛ የሚመከር ስም አይደለም። (ከዚህ በኋላ ዘመኑን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ልጥራው፤ ታሪኩ የእነሱ ነውና።)

ግላስ በ1973 ከለንደን ብዙም በማትርቀው ኤፕሰም ተወለደ። በክሪስታል ፓላስ ክለብ አደገ፤ ይሁን እንጂ ለፓላስ ዋናው ቡድን አንድም ጨዋታ ሳይሰለፍ ነው የወጣው። ለጥቂት ጨዋታ ለፖርትስመዝ ተዋሰ። በ1996 ቦርንማውዝ ወሰደውና እንደ ሰው ሥራ ያገኘው እዚያ ነው፤ በሁለት ዓመት 94 የሊግ ጨዋታ ተሰለፈ።

እዚህ ላይ ስለ ሙያው አንድ ነገር እንበል፤ የበረኛ እንጀራ ከሌላው ተጫዋች እንጀራ የተለየ ነውና። ቡድን 11 ሰው ያሰልፋል፤ ከ11ዱ በረኛ አንድ ብቻ ነው። ተከላካይ የቀኙን ቦታ ቢነጠቅ በግራ ይሞከራል። አማካይ ቢያንስ ለመጨረሻዎቹ አሥር ደቂቃዎች ተቀይሮ ይገባል። ሁለተኛው በረኛ ግን የሚገባው የመጀመሪያው በረኛ ጣቱ ሲሰበር ወይም ቀይ ካርድ ሲያይ ነው። ሰውየው ክፉ ባይሆን እንኳ ሥራው የሰው ክፉ ያስመኘዋል። እናም በታችኛው የእንግሊዝ ሊግ ውስጥ ጓንታቸውን በሻንጣ ይዘው ከከተማ ከተማ የሚዞሩ፣ «እገሌ ክለብ በረኛው ተጎዳ» የሚል ስልክ የሚጠብቁ በረኞች ሞልተዋል። ከእነዚህ አንዱ መሆን የግላስም ዕጣ ነበር።

ከዚያ በፊት ግን ዌምብሌይን አየ። በ1998 ቦርንማውዝ ለሁለቱ ታችኛ ዲቪዚዮኖች ክለቦች የተዘጋጀው ዋንጫ ፍጻሜ ደረሰ። ቀኑ ኤፕሪል 19፣ ለእኛ የትንሣኤ ዕለት ነበር። ከ62 ሺህ በላይ ተመልካች ስታዲየሙን ሞላው። ቦርንማውዝ ቀድሞ አገባ። በ75ኛው ደቂቃ ግን ከግሪምስቢ በኩል የመጣች ኳስ ከግላስ እጅ አመለጠችና መረቡ ውስጥ ገባች። በመዝገቡም «ግላስ፣ በራሱ ላይ» ተብሎ ተጻፈ። ጨዋታው ወደ ተጨማሪ ሰዓት ሄደ። በዚያን ጊዜ «የወርቅ ጎል» የሚሉት ሕግ ነበር፤ በተጨማሪው ሰዓት ቀድሞ ያገባ ጨዋታውን እዚያው ይጨርሳል። ግሪምስቢ በ112ኛው ደቂቃ አገባና ዋንጫውን ይዞ ሄደ። እንግዲህ በሕይወት ዘመኑ አንድ ጊዜ ዌምብሌይ የደረሰ ሰው ከዚያ ይዞት የተመለሰው ይኼን ነው።

በዚያው ክረምት ወደ ስዊንደን ታውን ተዛወረ። ስዊንደን ከቦርንማውዝ አንድ እርከን ከፍ ያለ ነው፤ ዕድገት ይመስል ነበር። ብዙም ሳይቆይ ቦታውን አጣና ወንበር ማሞቅ ጀመረ።

አሁን ወደ ካርላይል እንሂድ። ካርላይል ከስኮትላንድ ድንበር አጠገብ፣ በሰሜን ምዕራብ እንግሊዝ የምትገኝ ከተማ ናት። ከስዊንደን ከ400 ኪሎ ሜትር በላይ ትርቃለች። ክለቧ ካርላይል ዩናይትድ ከ1928 ጀምሮ በሊጉ ውስጥ የኖረ ነው። በ1974 እንዲያውም ወደ ከፍተኛው ዲቪዚዮን ወጥቶ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ጨዋታዎች በማሸነፍ የእንግሊዝ ሊግ አናት ላይ ተቀምጦ ነበር። በዓመቱ መጨረሻ ግን የመጨረሻ ሆኖ ወረደ። ያቺን የነሐሴ ሰሞን የከተማዋ ሽማግሌዎች እንደ አድዋ ነው የሚያወሯት።

በ1999 ያ ሁሉ ተረት ሆኗል። ክለቡ የሚገኘው በሦስተኛ ዲቪዚዮን ነው። ስሙ ሦስተኛ ይባል እንጂ ፕሪሚየር ሊጉ ከላይ ስላለ በእርግጥ አራተኛው እርከን ነው፤ ከ92ቱ የሊግ ክለቦች ታች ያሉት የሚሰበሰቡበት። የክለቡ ባለቤት ማይክል ናይተን ነበር። ይኼ ሰው በ1989 ማንቸስተር ዩናይትድን ገዛሁ ብሎ፣ ማሊያ ለብሶ ኦልድ ትራፎርድ ሜዳ ላይ ወጥቶ ኳስ ሲያነጥር የታየው ነው። ግዢው ከሸፈና ካርላይልን ገዛ። አንድ ሰሞን አሰልጣኙን አባሮ ራሱ ቡድኑን ይመራ ነበር።

በዚያ ዓመት ማርች ላይ ክለቡ የረጅም ጊዜ በረኛውን ቶኒ ኬይግን ለብላክፑል ሸጠ። በምትኩ ሪቻርድ ናይት የተባለ ወጣት ከዴርቢ ካውንቲ ተዋሰ። ዴርቢ ደግሞ ልጁን መልሶ ጠራው። ሦስት ጨዋታ ቀርቷል፣ የዝውውሩ ጊዜ አልፏል፣ ካርላይል በረኛ የለውም። ሠርገኛ መጣ በርበሬ ቀንጥሱ ማለት ይኼ ነው። ሊጉን ልዩ ፈቃድ ጠየቁ፤ ተፈቀደላቸው። ስዊንደን ወንበር ላይ ለተቀመጠው ግላስም የሚጠብቀው ስልክ ተደወለ።

የመጨረሻው ዕለት ሜይ 8 ቀን፣ በእኛ ሚያዝያ 30 ቀን 1991 ዓ.ም.፣ ቅዳሜ ነበር። ሒሳቡ ቀላል ነው። ካርላይል 46 ነጥብ ይዞ የመጨረሻው ነው። ከበላዩ ያለው ስካርቦሮ 47 አለው። ከ24ቱ ቡድኖች የመጨረሻው ከሊጉ ይወጣል። በዚያን ዘመን ከሊግ መውጣት ዛሬ እንዳለው አልነበረም። ከታችኛው ሊግ የሚያድገው በዓመት አንድ ቡድን ብቻ ነበርና፣ አንዴ የወጣ መመለሻው ጠባብ ነው። ገቢ ይቀንሳል፣ ተጫዋች ይበተናል፣ ደጋፊ ይሳሳል። ለትንሽ ከተማ እንዲህ ያለ ክለብ የገበያ አዳራሽና የሰንበቴ ማኅበር አንድ ላይ ማለት ነው። አባትና ልጅ ሌላ የሚያወሩት ባይኖራቸው ስለ እሱ ያወራሉ።

ካርላይል በሜዳው በብራንተን ፓርክ የገጠመው ፕሊመዝ አርጋይልን ነው። ፕሊመዝ ከሌላኛው የእንግሊዝ ጫፍ ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ የመጣ ነው። ከዕረፍት በኋላ ወዲያው ፕሊመዝ አገባ። ካርላይል በተከላካዩ በዴቪድ ብራይትዌል አቻ ሆነ። ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ጭንቅ ብቻ ነበር። ስካርቦሮ በሜዳው ከፒተርቦሮ ጋር 1 ለ 1 እየተጫወተ መሆኑን ሰው ሁሉ በትንንሽ ሬዲዮ ይሰማል። ነገሩ እንዲሁ ካለቀ ስካርቦሮ 48፣ ካርላይል 47፤ ካርላይል ወጣ ማለት ነው።

ዘጠና ደቂቃ ሞላ። አራት ደቂቃ ተጨመረ። በስካርቦሮ ጨዋታው አልቋል፤ ደጋፊው ሜዳ ገብቶ መደሰት ጀምሯል። ካርላይል ላይ ሴኮንዶች ሲቀሩ የማዕዘን ምት ተገኘ። ግላስ ከግቡ ሆኖ ወደ አሰልጣኙ ወደ ናይጄል ፒርሰን ተመለከተ። ፒርሰን በእጁ «ሂድ» አለው። ሮጠ። ግራሃም አንተኒ ኳሱን አሻማ። ስኮት ዶቢ በጭንቅላቱ ገጨው። የፕሊመዙ በረኛ መለሰው። የተመለሰው ኳስ መሬት ነጥሮ ሲነሳ ከፊቱ የቆመው ቀይ ማሊያ የለበሰው በረኛ ነው። በቀኝ እግሩ መታው። ገባ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን መግለጽ ያስቸግራል። ሕዝቡ ሜዳውን ወረረው። ግላስ ከሰው ክምር ሥር ገባ። ዳኛው ሜዳው እስኪጸዳ ጠብቀው፣ ኳሱ መሀል ተነክቶ ወዲያው ፊሽካ ነፉ። ካርላይል 49፣ ስካርቦሮ 48። በውሰት ሦስት ጨዋታ የተጫወተ፣ ከወር በፊት ስሙን የማያውቀው ሰው፣ ክለቡ ለ71 ዓመት ያቆየውን ቦታ አተረፈለት። ቀን የሰጠው ቅል ድንጋይ ይሰብራል ይባል የለ? ብርጭቆም ይሰብራል ለካ።

ይህ ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚነገረው እስከዚህ ድረስ ነው። ደስ ይላል፣ ያስጨበጭባል፣ ያበቃል። እኔን ግን ሁልጊዜ የሚያሳስበኝ ቀሪው ነው።

በመጀመሪያ ስካርቦሮን እንይ። ስካርቦሮ በሰሜን ባሕር ዳርቻ ያለች የመዝናኛ ከተማ ናት። ሰዎቿ ሜዳ ላይ እየዘለሉ ሳሉ ነው ከሬዲዮው ያ ዜና የመጣው። «ማን አገባ?» «በረኛው!» ቀልድ ነው እንጂ ማን ያምናል? የአንዱ ሠርግ ለሌላው ልቅሶ ሲሆን ብዙ አይተናል፤ በአንድ ሴኮንድ፣ በአንድ እግር ሲሆን ግን ጥቂት ነው። ክለቡ ከዚያ በኋላ ወደ ሊጉ አልተመለሰም። ዕዳው እየከበደ ሄዶ በ2007 ፈረሰ። ስታዲየሙም ቆይቶ ፈረሰ። ሁሉንም በግላስ ጎል ማሳበብ አይገባም፤ ክለብ የሚያፈርሰው የሒሳብ መዝገብ እንጂ አንድ ኳስ አይደለም። ግን ያቺ ኳስ ባትገባ ኖሮ ብሎ የማያስብ የስካርቦሮ ሰው አለ ብዬ አልገምትም።

የሚገርመው ስካርቦሮ ወደ ሊጉ የገባበት ዓመት ነው። ከ1987 በፊት የመጨረሻዎቹ ክለቦች በሊጉ ይቆዩ ወይም ይውጡ የሚወሰነው በክለቦቹ ድምፅ ነበር። በ1987 ነው የመጨረሻው በቀጥታ እንዲወርድ፣ የታችኛው ሊግ አሸናፊ በቀጥታ እንዲያድግ የተደረገው። በዚህ ሕግ መጀመሪያ ያደገው ስካርቦሮ ነው። ማን እንደሚወርድለት የታወቀው ደግሞ በመጨረሻው ዕለት፣ በባከነ ሰዓት ነው። ቶርኪ ዩናይትድ ሊወርድ ሲል አንድ የፖሊስ ውሻ ሜዳ ዳር ሆኖ የቶርኪውን ተከላካይ ጂም ማክኒኮልን ነከሰው። ለሕክምናው ሰዓት ተጨመረ። በተጨመረው ሰዓት ቶርኪ አቻ ሆነና ተረፈ፤ ሊንከን ሲቲ ወረደ። ስካርቦሮ የሊንከንን ወንበር ያገኘው በባከነ ሰዓት ተወስኖ፣ የራሱን ወንበር ያጣውም ከ12 ዓመት በኋላ በባከነ ሰዓት ነው። አንድ ጊዜ በውሻ፣ አንድ ጊዜ በበረኛ።

ቀጥሎ ካርላይልን እንይ። ተአምሩ የገዛለት አምስት ዓመት ነው። በ2004 ክለቡ ያው ከሊጉ ወጣ። በዓመቱ ተመለሰ፣ ከፍም አለ። በ2025 ደግሞ እንደገና ወረደ። ተአምር ዕድሜ ይጨምራል እንጂ ቤት አያድስም።

አሁን ራሱን ግላስን እንይ። አንድ ከተማ ያተረፈ ሰው ምን ያገኛል ብላችሁ ትጠብቃላችሁ? ካርላይል በቋሚነት አላስፈረመውም። ውሰቱ አልቆ ተመለሰ። ከስዊንደንም ወጣ። ወደ ካምብሪጅ፣ ወደ ብሬንትፎርድ፣ ወደ ኦክስፎርድ ዞረ፤ በሦስቱም ክለቦች የተሰለፈባቸው የሊግ ጨዋታዎች በአንድ እጅ ጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ከዚያ ከሊግ ውጪ ወዳሉ ቡድኖች ወረደ። በረኛ በ30ዎቹ ነው የሚበስለው ይባላል። እሱ በ27 ዓመቱ ሙያዬ ብሎ የያዘውን ኳስ ተወ። ሌላ ሥራ ሞከረ፣ በኋላም የታክሲ ሹፌር ሆነ።

«ጀግናው ታክሲ ነጂ ሆነ» ተብሎ ሲጻፍ ብዙ ጊዜ ቃናው የኀዘን ነው። እኔ በዚህ አልስማማም። ታክሲ መንዳት ነውር አይደለም፤ በላዳ ስንት ቤተሰብ ያደገበት አገር ላይ ሆነን ይኼን ማለት አያምርብንም። የሚያሳዝነው ሌላ ነው። ያችን ጎል ሕዝብ በየዓመቱ ያነሳታል፣ ቴሌቪዥን ይደግማታል። ያገባት ሰው ግን በሚቀጥለው ወር የሚከፍለው ደመወዝ የሚያገኝበት ክለብ አልነበረውም። ጭብጨባ ይቀመጣል፣ ይደገማል፣ ዓመት ይቆጠርለታል። እንጀራ ግን በየዕለቱ አዲስ ነው።

ይኼ የክፉ ሰዎች ታሪክ ቢሆን በቀለለን ነበር። ካርላይል ራሱ የሌለው ክለብ ነው። ስዊንደንም ሌላ በረኛ አለው፣ ሁለት ሰው በአንድ ግብ አያቆምም። ማንም ግላስን አልበደለውም። ሥራው እንዲህ ነው። ለአደጋ ጊዜ የሚጠራ ሰው አደጋው ሲያልፍ ይሸኛል። እኛ አገርም በየመሥሪያ ቤቱ ያለውን የኮንትራት ሠራተኛ አስቡት። እሳት ሲነሳ «ድረስልን!» ይባላል። እሳቱ ሲጠፋ «ውልህ አልቋል» ይባላል። ያባረረው ክፉ ሰው የለም፤ የፈረመው ወረቀት ነው ያባረረው።

ግላስ በ2004 የሕይወት ታሪኩን ጻፈ። ርዕሱ በአማርኛ ቢመለስ «በአንድ ዘፈን ብቻ የታወቀ» እንደ ማለት ነው። ስም ከሚያወጡለት ራሱ ቀድሞ አወጣ። እኔ ይኼን ወድጄለታለሁ። ቦርንማውዝ በ2015 ወደ ፕሪሚየር ሊግ ካደገ በኋላ ደግሞ ያ የድሮ ክለቡ መልሶ ቀጠረው። ሥራው ተጫዋቾችን ከክለቡ ጋር ማገናኘት፣ አዲስ ለሚመጡት ቤትና የመሳሰለውን ማመቻቸት ነበር። ከተማ ለከተማ በሻንጣ የዞረ ሰው ለዚህ ሥራ ከማንም በላይ የተገባ ነው። 94 ጊዜ የተሰለፈለት ክለብ አስታወሰው፤ አንድ ጎል ያገባለት ክለብ አይደለም። እኔ ይኼን አጋጣሚ ብቻ ነው ብዬ አላልፈውም። ጎሏ ስሙን ሰጠችው። ሥራ የሰጠው ግን ማንም ሳያጨበጭብ በየሳምንቱ የቆመበት ቦታ ነው።

ስካርቦሮም ቢሆን እንዲሁ አልቀረም። ክለቡ በፈረሰበት በ2007 ደጋፊዎቹ ገንዘብ አዋጥተው ስካርቦሮ አትሌቲክ የተባለ የራሳቸውን ክለብ መሠረቱ። በከተማቸው ሜዳ ስላልነበራቸው ለአሥር ዓመት ያህል በጎረቤት ከተማ በብሪድሊንግተን «በሜዳቸው» ሲጫወቱ ኖሩ። በ2017 ወደ ከተማቸው ተመለሱ። እነሱን ያዳናቸው የውሰት ሰው አልነበረም።

እንግዲህ በሚቀጥለው ቅዳሜ ዲኤስቲቪ ቤት ስትገቡ፣ ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት ሜዳውን ልብ ብላችሁ እዩ። ዋናውን በረኛ ኳስ እየመታ የሚያሟሙቀው አንድ ሌላ በረኛ አለ። ካሜራው አያሳየውም፣ ስሙን ማንም አይጠራውም። ፊሽካ ሲነፋ ጃኬቱን ደርቦ ወንበሩ ላይ ይቀመጣል። ጓንቱን ግን አያወልቅም።